ጆሮ የሌለው እንስራ

ውድ ታሎስ፣

ይህን ስታነብ ከበርጩማህ እንዳትወድቅ። አዎ፣ እኔው ነኝ፣ ሚኪዮን። የጻፍኩትም በገዛ እጄ፣ ሸክላ ላይ የፈረስ ጋማ በምጭርበት በዚያው መርፌ ነው። ክረምቱን ሙሉ ማታ ማታ ከአንካሳው መምህር ዘንድ ፊደል ስቆጥር ከርሜ፣ ይኸው ዛሬ በአቴና ከእኔ የሚበልጥ ጸሐፊ ካለ አምጡልኝ እያልኩ ነው። መምህሩ እንኳ "እንዳንተ የሚጮህ ተማሪ ገጥሞኝ አያውቅም" ብሎኛል። እንደ ምስጋና ወስጄዋለሁ።

መጀመሪያ ያነበብኩት ምን መሰለህ? መደርደሪያው ላይ የቀረውን ዋንጫ፣ አንተ ሠርተህ እኔ የሣልኩትን። "ስምህን ጽፌበታለሁ" ስላልከኝ ለመጣው ደንበኛ ሁሉ ደረቴን ነፍቼ ሳሳየው የኖርኩትን። ለካስ "ታሎስ ሠራኝ፤ አፍንጮ ሣለኝ" ነው የሚለው፤ በስሜ ፈንታ ለአፍንጫዬ ያወጣችሁልኝ ቅጽል! አንተ ሞላጫ! ብቻዬን ከት ብዬ ሳቅሁ። ከዚያ ልሰድብህ ዞር ስል ሸክላ የምትሠራበት መንኮራኩርህ አጠገብ ሰው የለም።

የሄድክ ዕለት ትዝ ይልሃል? ወደ ቲሬኒያ የሚሻገረው መርከብ ሊነሳ ሰዎች እየጠሩህ፣ አንተ ገና እጅህ በጭቃ እንደተለወሰ ነበር። የዚያን ትልቅ እንስራ ገላ ጨርሰህ፣ ጆሮዎቹን ሳትገጥምለት እርጥብ ጨርቅ አልብሰህ ከጓዳው ጥግ አስቀመጥከው።

"ለምን አትጨርሰውም?" አልኩህ።

"ጆሮ ካወጣ ጌታችን ፕሮክሌስ ይሸጠዋል። ሳይደርቅ ጠብቅልኝ። ክረምቱ አልፎ ባሕሩ ለመርከብ ሲከፈት በመጀመሪያው መጥቼ እገጥምለታለሁ፤ አንተ ትሥለዋለህ።"

"ብትቀርስ?"

"እኔ? ከቲሬኒያ ሰዎች ጋር? ሚስቶቻቸው ከባሎቻቸው ጎን ጋደም ብለው ወይን የሚጠጡበት አገር?"

"ለዚያማ ነው የምትቀረው" አልኩህ። ቀልዴን ነበር።

የደረቀ ገላ እርጥብ ጆሮ እንደማይቀበል ያስተማርከኝ አንተ ነህ። ስለዚህ ጠዋት ጠዋት፣ ፊቴን ሳልታጠብ፣ ጨርቁን አረጥባለሁ። የአውደ ሥራው ጌታ ፕሮክሌስ መሳቂያ አደረገኝ። "አፍንጮ፣ ዛሬም ልጅህን አጠብከው?" ይለኛል። "አጠብኩት ጌታዬ፣ ጥርስ እያወጣ ስለሆነ ሌሊት አላስተኛኝም" እለዋለሁ። ሰው ሁሉ ይስቃል። ትኩሳት ጥሎኝ የነበረ ጊዜ ግን ግድግዳ ይዤ ጓዳ እንደገባሁ ለማንም አልነገርኩም። ለአንተም አልነገርኩህም፤ ይኸን አላነበብክም።

ባሕሩ ተከፈተ። የመጀመሪያው መርከብ ሲመጣ ወደብ ወርጄ አንተን የሚመስል ትከሻ ፈለግሁ። አልነበርክም። ቀጥሎ በመጣውም አልነበርክም። በመጨረሻ አንተን የወሰደው የመርከቡ አዛዥ ራሱ መጣ፤ ዘይት ሲያስጭን ይዤ ጠየቅሁት።

"ታሎስ? ደህና ነው እንጂ! የራሱን መንኮራኩር ተክሏል። ሚስትም አግብቷል።"

"ወይን ትጠጣለች?"

"ከእሱ ትበልጣለች።"

ሳቅሁ። ምን ላድርግ? "ስለ እኔስ ምን አለ?" አልኩት።

"'አፍንጮን ሰላም በልልኝ' አለኝ። ቆይቶ ደግሞ ከኋላዬ ተጣርቶ 'እንስራው ደረቀ?' አለኝ። ስለ ምን እንደሆነ እኔ አልገባኝም።"

እኔ ገብቶኛል። እንደገና አስደገምኩት።

ወደ ቤት ስመለስ የበጋው ደረቅ ነፋስ ጀምሮ ነበር፤ ያረጠብኩት ጨርቅ እኩለ ቀን ሳይሆን ይደርቃል። ፕሮክሌስ "በቃ፣ ሰውየው አይመጣም። ወይ ሌላ ሸክላ ሠሪ ጆሮ ይግጠምለት፣ ወይ ወደ ጭቃው ጉድጓድ ይመለስ" አለ።

"ማንም አይነካውም" አልኩ። "እኔ ነኝ የምገጥምለት።"

"አንተ? ጭቃ ነክተህ ታውቃለህ?"

አላውቅም። ሠዓሊ እጁ ንጹሕ ነው እያልኩ ስፎክርብህ የኖርኩ ሰው ነኝ። ጭቃውን ሳድበለብለው መጀመሪያ ተበጠሰ፤ ቀጥሎ ዓሣ ይመስል ከእጄ ሾለከ። ኋላ ግን ያዘልኝ። አንዱ ጆሮ ከሌላው ዝቅ ብሏል፤ እንስራው አንገቱን አዘንብሎ የጎረቤት ወሬ የሚያዳምጥ ይመስላል። በምድጃው ውስጥ ይወድቅብኛል ብዬ እሳቱ እስኪበርድ እህል አልቀመስኩም። አልወደቀም።

ሥዕሉን ታየዋለህ። ይህን ቤት ነው የሣልኩት፤ እኔ ብሩሼን ይዤ ተቀምጫለሁ፣ አፍንጫዬም ከነሙሉ ክብሩ። ፊት ለፊቴ መንኮራኩርህ አለ። እዚያ ጋ ሌላ ሰው ሥዬ ላስቀምጥ ብሩሼን አንሥቼ ነበር፤ እጄ እምቢ አለኝ። የቀባሁት ሁሉ ከእሳቱ ጠቁሮ ሲወጣ፣ ያልቀባሁት የአንተ ቦታ ብቻ የጭቃችንን ቅላት እንደያዘ ቀረ።

አዛዡ በገለባ ጠቅልሎ ያመጣልሃል። ና አልልህም። መንኮራኩር ተክለሃል፣ ሚስት አለችህ፣ እኔም የተማርኩ ሰው ሆኛለሁና አላለቅስም። ውሸቴን ነው። ና። አንድ ጊዜ ብቻ ና፤ እሷንም ይዘሃት ና፤ ወይኑን እኔ እችላለሁ።

ካልሆነልህ ግን እንስራውን በሁለት እጅህ አንሣው። ከጆሮዎቹ ሥር የተሰረጎደ ቦታ አለ፤ ጭቃው እንዲይዝ የተጫንኩበት ነው። አውራ ጣቶችህን እዚያ ላይ አሳርፍ። የጆሮዎቹን ጠማማነት አይተህ ሳቅብኝ፤ ሳቅህ ባሕር እንደሚሻገር አውቃለሁ።

ከእንስራው ሥር ያለውን ማን እንደጻፈልኝ አትጠይቅ፤ ራሴ ነኝ የጻፍኩት፦

ታሎስ ሠራኝ፤ አፍንጮ ጠበቀኝ።