አቤቱታዬን ለተከሳሹ ስላስረከቡልኝ

ለተከበሩ የሰው ኃይል አስተዳደር ኃላፊ፣

ከሁሉ አስቀድሜ ጤናዎና እንቅልፍዎ እንደተሟላ እንዲቆይ ከልብ እመኛለሁ፤ ሁለቱም ከእኔ ዘንድ ከሄዱ ስምንት ወር ስለሆናቸው ዋጋቸውን አውቀዋለሁ። እኔ በላቦራቶሪ ክፍል ደም የምመረምረው ሠራተኛዎ ነኝ፤ ምስጋናዬም እንደሚከተለው ነው።

1ኛ. የመዝገብ ቤቱ ሠራተኛ በየቀኑ እግር በእግር ተከትሎኝ እስከ ቤቴ በር እንደሚመጣ፣ ተወኝ ብዬ ብለምነውም እንደማይመለስ በቃል ባመለከትኩ ጊዜ፣ ሴት ልጅ ስትፈለግ ነው የሚያምርባት ብለው ስለመከሩኝ። አባቴ እንኳ ያልነገረኝን ነው የነገሩኝ።

2ኛ. ቅሬታ በጽሑፍ ካልሆነ እንደማይታይ ስላስረዱኝ። ጻፍኩ። ለእርስዎ የሚጻፍ ደብዳቤ ሁሉ መጀመሪያ መዝገብ ቤት ተከፍቶና ተነብቦ ቁጥር እንደሚሰጠው ግን ሁለታችንም ዘነጋን። ከፋቹም አንባቢውም እሱ ነው። እፈራዋለሁ ያልኩበትን መስመር በቀይ አስምሮ፣ ይህን ያህል ስለ እሱ ማሰቤ ደስ እንዳሰኘው ከግርጌው ጽፎ፣ ማኅተም መትቶ ቅጂውን ጠረጴዛዬ ላይ አኖረልኝ። ዋናው እርስዎ ዘንድ ደርሷል፤ አንብበው እንባዎ እስኪፈስ መሳቅዎን ጸሐፊዎ ነግራኛለች።

3ኛ. ሸሽቼ ቤት ብቀይር፣ የአድራሻ ለውጥ ቅጽ ባለመሙላቴ የማስጠንቀቂያ ደብዳቤ ስለሰጡኝ። ሰኞ ሞላሁ። ቅጹ የት እንደሚቀመጥ ያውቃሉ። ማክሰኞ ከሥራ ስመለስ አከራዬ፣ እጮኛዬ መጋረጃ ሊለካልኝ መጥቶ ቁልፉን እንደሰጡት በደስታ አበሰሩኝ። የመስኮቱን ልክ ከአቤቱታዬ ግርጌ በማውቀው የሚያምር የእጅ ጽሑፍ ጽፎ ትራሴ ላይ ትቶልኛል። ትራሱ መሐሉ ጎድጉዶ ነበር። ፈርቻለሁ፣ ክቡርነትዎ፤ ይህን ያለ ቀልድ ነው የምለው።

ይህን ደብዳቤ በጋዜጣ ማውጣቴን እንደ ድፍረት እንዳይቆጥሩብኝ እለምናለሁ። በእሱ እጅ ሳያልፍ እርስዎ ዘንድ የሚደርስ ሌላ መንገድ አጥቼ ነው።

ለደንብና ለሥርዓት ያለዎትን ፍቅር እያደነቅኩ፣ የሴቶች ልጆችዎን ዕድሜ ያርዝምልዎ እያልኩ፣ ከታላቅ አክብሮት ጋር እሰናበታለሁ።

ከዛሬ ጀምሮ የቀድሞ ሠራተኛዎ

ማሳሰቢያ፦ የስንብት ወረቀቴ የሚላክበትን አድራሻ አልጻፍኩም፤ አሁን ያለሁት እህቴ ዘንድ ነው፣ ቤቷንም ለማንም አልተናገርኩም። ቢቸግርዎ የመዝገብ ቤቱን ሠራተኛ ይጠይቁት። ይህን ስጽፍ ከመስኮቱ ማዶ ቆሞ መጋረጃውን እያየ ነው።