የብብቴ ንፍፊት ከየት መጣ

ውድ ባለቤቴ፣ አያ ወርቁ፣

አንተ ካረፍክ ስድስት ዓመት ሊሞላ ነው። እስካሁን ያልጻፍኩልህ ወሬ አጥቼ አይደለም። አባቴ ዳዊት ሲያስተምረኝ "ያልተጣራ ነገር በብራና አይሰፍርም" ይለኝ ነበር፤ እኔም ነገሩ እስኪጣራ ቆየሁ። ትናንት ተጣራ። ደስታ እያስቸኮለኝ ነውና ፊደሌ ቢዛነፍ ይቅር በለኝ።

በቅድሚያ የቤቱን ልንገርህ። የአምባ ጊዮርጊሱን ቤት ወንድምህ ቆርቆሮ አልብሶታል፤ ዝናብ ሲመጣ ሰው ከሰው አይደማመጥም ይላሉ። እኔ ጎንደር ነኝ፣ ከፒያሳ ቁልቁል፣ ከልጃችን ከአለሚቱ ጋር። አለሚቱ አስተማሪ ሆናለች፤ ተማሪዎቿን ግን አትገርፍም። መጀመሪያ ይህን ስሰማ ተቆጥቼ ነበር። አሁን ሐሳቤን ለውጫለሁ።

ባለፈው ዓመት በግራ ጡቴ ውስጥ እንኮይ የምታህል ጠጣር እብጠት አገኘሁ። አታምም፣ አታሳክክም። ሁለት ወር ደበቅኳት። አለሚቱ ስታውቅ እያለቀሰች እጄን ይዛ ሆስፒታል ወሰደችኝ። ሐኪሙ ፈረንጅ ነው፤ ቃሉን የሚተረጉምልን የደምብያ ተወላጅ የሆነ ድሬሰር፣ ቁስል አጣቢ ረዳቱ ነው። ነቀርሳ ነው አሉኝ። በእኔ ዕድሜ ላለች ሴት እብጠቱን የሚያሟሽሽ ኪኒን አለ፣ ሲያንስ ቆርጠን እናወጣዋለን አሉ። ድሬሰሩ ግን አስጠነቀቀኝ፦ "እማማ፣ ማነሱ ሸጋ ነው፤ ፍርዱ ያለው ግን ብብትዎ ላይ ነው። በሽታው ከብብት እጢዎች ካልደረሰ ገና ከቤቱ አልወጣም። ከደረሰ ግን መንገድ ጀምሯል።"

ታውቀኛለህ፣ ሰው አነሰ ስላለኝ ብቻ አነሰ አልልም። ኪኒኑን እየዋጥኩ፣ በየቅዳሜው እብጠቱን በፈትል እየለካሁ፣ ፈትሉን እየቆረጥኩ በዳዊቴ ማኅደር አስቀመጥኩ። በአራተኛው ወር ፈትሎቹን ሁሉ ሐኪሙ ጠረጴዛ ላይ ደረደርኳቸው። የመጨረሻው የመጀመሪያውን ግማሽ አይሞላም። ሐኪሙ በማስመሪያው ለክቶ ሳቀ። ድሬሰሩም "እማማ፣ ታዲያ እኛ ምን ልንሠራ መጣን?" አለኝ። ለቀዶ ጥገናው ቀጠሮ ተሰጠኝ።

ከዚያ ወዲያ የሠራሁት ጥፋት ነው እስከ ዛሬ የሚያስቀኝ። ከሐኪሙ ቢላዋ ሥር ሳልነሣ ብቀር ለአለሚቱ የጀመርኩት መሶብ ጎዶሎ እንዳይቀር ብዬ ቀኑን ሙሉ መስፋት ያዝኩ። ስቸኩል ወስፌው የግራ ሌባ ጣቴን ወጋው። እኔን! አርባ ዓመት የሰፋሁትን! የሰፈሩን ልጃገረድ ሁሉ "ጣትሽን ጠብቂ" እያልኩ ያንጓጠጥኩትን! ጣቴ አበጠ፣ መገለ። አፍሬ በጨርቅ ጠቀለልኩትና ከኩታዬ ሥር ሸሸግኩት።

በቀጠሮው ቀን ሐኪሙ ብብቴን ሲዳስስ እጁ ቀጥ አለ። የባቄላ እሸት የምታህል ንፍፊት ወጥታለች። "እማማ፣ ያምዎታል?" አለ ድሬሰሩ። እንዴት አያመኝ! ሲነካኝ ዓይኔ ጨለመ። እኔ ግን "ምንም" አልኩ። አባቴ አለንጋውን ሲያሳርፍብኝ ድምፅ ካሰማሁ መዝሙሩን እንደገና ከመጀመሪያው ያስጀምረኝ ነበርና "ያመኛል" ማለት ከአፌ አይወጣም። ሐኪሙ አንገቱን ደፋ። የማታምም ንፍፊት መጥፎ ምልክት ናት፤ ነቀርሳው ብብት ከገባ መቁረጡም ብዙ ላይጠቅም ይችላል፤ ከሁለት ሳምንት በኋላ ይመለሱና እንመክራለን ብሎ ሰደደኝ።

ንስሐ አባቴን አስጠራሁ። ልብሴ ለማን ለማን እንደሚሰጥ ለአለሚቱ ነገርኳት፤ ስታለቅስም ተቆጣኋት። ከዚያ መሶቤን ታቅፌ ተቀምጬ አንተን ሳስብ፣ በእርሻ ላይ የቀጋ እሾህ የወጋህ ጊዜ ትዝ አለኝ። ሦስት ቀን እያነከስክ "ደኅና ነኝ" ትል ነበር። ብሽሽትህ ላይ ንፍፊት ሲወጣ ምን አልኩህ? "አንተ ሰው፣ ንፍፊት ያለ ቁስል አይወጣም! እግርህን ወዲህ በል!" እሾሁን ከተረከዝህ ስነቅለው የጮህከው ጩኸት! ጎረቤቱ በሬ የወጋህ መስሎት ዱላ ይዞ መጣ። ንፍፊቱም በሳምንቱ ጠፋ።

ይህን እያሰብኩ ጣቴን አየሁት። ወስፌው ከእጄ ወደቀ።

በማግስቱ ያለ ቀጠሮ ሄድኩ። ድሬሰሩ ፊት ጨርቁን ፈታሁና "ዋሽቻለሁ፤ ብብቴንም ጣቴንም በጣም ያመኛል" አልኩት። እሱም "ምነው እማማ! ይኼን ኖሯል በኩታ የደበቁት?" እያለ ሐኪሙን ሊጠራ ሮጠ። ጣቴን ሲከፍቱት ከወስፌው ጋር የገባ የመሶቡ ስንደዶ ስንጥር ወጣ። ጮህኩ፣ አያ ወርቁ! ካንተ አላነስኩም። አለሚቱ በሩ ላይ ቆማ፣ እንባዋን እየጠረገች "እምዬ፣ ደግመሽ ጩሂ፣ ያምርብሻል!" አለች።

በአሥር ቀን ንፍፊቱ ከሰመ። ሐኪሙ ግን በመክሰሙ ብቻ አላመነም፤ ይህን ወደድኩለት። ጡቴን ሲቆርጥ የብብቴን እጢዎችም አውጥቶ በአጉሊ መነጽር እንዲታዩ በብልቃጥ ወደ አዲስ አበባ ላከ። አምስት ሳምንት ጠበቅን። ትናንት ወረቀቱ መጣ። ድሬሰሩን ሁለት ጊዜ አስነበብኩት፤ በሦስተኛው አስቆጠርኩት። አሥራ አንድ እጢ ታየ፤ አሥራ አንዱም ንጹሕ ነው። ሐኪሙ "ለዘለዓለም ድነዋል" አላለኝም፣ ቢለኝም አላምነውም ነበር። ብዙ ዓመት የመኖር ተስፋዎ ትልቅ ነው ነው ያለኝ። በሆስፒታሉ ግቢ መሐል እልል አልኩ። አስታማሚው ሁሉ ማን ወለደ ብሎ ዞረ።

አንድ ነገር ደግሞ አለ። በቀብርህ ቀን ሰው ሁሉ ሲያለቅስ እኔ እንባ አላወጣሁም፤ ዘመዶችህ ደረቅ ናት ብለው አሙኝ። አንተም ይህን ሰምተህ ከሆነ፣ ያኔም ያመኝ ነበር። ዛሬም ያመኛል። ይኸው ጻፍኩት።

ወዳንተ መምጣቴ ስለዘገየ ቅር አይበልህ። ሙት ዓመትህ ሲደርስ በአውቶቡስ አምባ ጊዮርጊስ እወጣለሁ፤ ቄሱ ስምህን ሲጠሩ እኔም አብሬ ጮክ ብዬ እጠራለሁ። ጎረምሳ ሆነህ እንዴት ትስቅ እንደነበር፣ ስትናደድ እንዴት ዝም ትል እንደነበር የሚያውቅ ከእኔ በቀር የቀረ የለም። እኔ እስካለሁ አትረሳም። እኔም ገና አለሁ።

ሚስትህ ትርንጎ