የለተብርሃን ምስክር ወረቀት

መቐለ፣ ሐምሌ ፱ ቀን ፲፱፻፴፰ ዓ.ም.

ለተብርሃን ዛሬ ከፍርድ ቤት ባዶ እጇን ወጣች። ሁለት ዓመት ልብስ ስፌት ተምራ ፈተናውን ብታልፍም፣ የማሠልጠኛው ሹም ምስክር ወረቀቷን ከልክሏታል። ጥፋቷ ቤቱ ሄዳ ለሚስቱ በነጻ አልሰፋም ማለቷ ነው።

ባለፈው ጥር ማመልከቻ ጻፉልኝ ብላ ወደ እኔ መጥታ ነበር። ማመልከቻ መጻፍ እንጀራዬ ነው። ግን የሹሙን ቂም ለራሴ ፈራሁና፣ «ትንሽ ታገሺ፤ ይራራልሻል» ብዬ መለስኳት። እሷም አምናኝ ጠበቀች።

ዛሬ ዳኛው፣ «እውነቱ ካንቺ ጋር ነው። በጊዜው ብትከሺ እፈርድልሽ ነበር፤ አሁን አቤቱታ የማቅረቢያው ቀን አልፏል» አሏት።

ደጃፉ ላይ ሳገኛት አልተቆጣችም። «አያ፣ እርስዎም አቤቱታው የቀን ገደብ እንዳለው አላወቁም ነበር ማለት ነው» አለችኝ።

አውቅ ነበር።