ድምፅሽ ካልተሰማ አይቆጠርም

ሰኞ፣ ጥር 18። ከቀኑ 10፡20

የስክሪን መቅጃው አሁንም አይከፈትም። የዊንዶውስ ቁልፍና ጂ፣ አንድ ላይ። እንዲህ ነው የተባለው። ተጫንኩ። ምንም። ደግሜ ተጫንኩ። ምንም። ሰባት ዓመት ሙሉ ኮምፒውተር (ኮ/ር) ያስተማርኩ ሰው ነኝ፤ ደብተሬ፣ ይህን ለማንም እንዳትናገር። ዛሬ ጠዋት ለዘጠነኛ ክፍል ስለ አቋራጭ ቁልፎች ሰሌዳ ሞልቼ ጽፌ ነው የመጣሁት።

ለምን መቅጃ እንዳስፈለገኝ ልንገርህ፣ መቼም ሥራ የለህም። ባለፈው ቅዳሜ አንዱን የቢሾፍቱ ጉረኛ በኳስ ጌም አራት ለዜሮ ሸኘሁት። በሊጉ። ሊግ ስልህ ትልቅ ነገር እንዳይመስልህ። ከቢሾፍቱ እስከ ባቱ ያሉ ሥራ ፈቶች በኢንተርኔት የሚገጥሙበት የቴሌግራም ግሩፕ ነው። ሦስት መቶ ምናምን ወንድ። አንድ ሴት፣ እኔ። ጉረኛው አራት ሲቆጠርበት ምን አለ? ሴት እንዲህ አትጫወትም፣ ወንድሟ ነው የሚጫወትላት። ግሩፑ በሳቅ ሞተ። ወንድሜ ዮናስ። የራሱንና የተጋጣሚውን ጎል ለመለየት አሥር ደቂቃ የሚፈጅበት ዮናስ።

የሊጉ ዳኛ ናትናኤል ነው (ከአሁን በኋላ ና.፣ ለእሱ ቀለም አላባክንም)። ከእኛ ሁለት ግቢ አልፎ የሚኖረው የእትዬ ጫልቱ ልጅ። ገና ከዩኒቨርሲቲ ያልወጣ፣ ግን እንደ ከፍተኛ ፍርድ ቤት የሚጽፍ። ፍርዱ ይኸው፦ የረቡዕን ግማሽ ፍጻሜ ኮ/ሩ ላይ አብሮ በመጣው መቅጃ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ልቅዳ፤ እኔ መሆኔ እንዲታወቅ ማይኩ ተከፍቶ እየተጫወትኩ ላውራ፤ ያልተቆረጠውን ፋይል እስከ ቅዳሜ ስድስት ሰዓት ለእሱ ልላክ። ድምፅሽ ካልተሰማ አይቆጠርም አለኝ። ካልላክሁ እሰናበታለሁ፣ እስከ ዛሬ ያሸነፍኩትም ሁሉ ይሰረዛል።

ዋንጫውን ይብሉት። ፍጻሜው ግን ላንጋኖ፣ ሐይቁ ዳር ካለ ሆቴል አዳራሽ ውስጥ ነው፤ ፊት ለፊት። እዚያ ቁጭ ብዬ፣ ሁሉም ጣቶቼን እያዩ፣ ላሸንፋቸው እፈልጋለሁ። ዘንድሮ ከዚህ የበለጠ የምፈልገው ነገር የለም። አፍሬ ነው የምጽፈው፣ ግን የለም።

ማክሰኞ፣ ጥር 19። ከቀኑ 10፡45

ተከፈተ። ለካ ከሴቲንጉ ተዘግቶ ኖሯል። የዘጋው ዮናስ። ኮ/ሩ እንዲፈጥን ብዬ ነው ይላል። ምን ሊሠራበት እንዲፈጥን እንደፈለገ አልጠየቅሁትም።

መዝጊያውን ያገኘሁት ከአንድ ቪዲዮ ነው። ልጁ ሰላም ቤተሰብ ብሎ ጀመረ። ስድስት ደቂቃ ስለ ራሱ አወራ። ደወሏን እንዳንረሳ ለመነ። በሰባተኛው ደቂቃ አንድ ዓረፍተ ነገር ተናገረ፤ የምፈልገው እሷ ነበረች። እንዲህ ያለ ሰው ተማሪዬ ቢሆን ኖሮ ቦታው ከክፍል ውጪ ነበር።

ሙከራ አንድ፦ ዴስክቶፑን አልቀዳም አለ፣ ጌም ካልተከፈተ። እሺ። ሙከራ ሁለት፦ ጌም ከፍቼ ግማሽ ሰዓት ተጫወትኩ። ፋይሉ ሠላሳ ሰከንድ ብቻ። ያለፈውን ሠላሳ ሰከንድ የሚያስቀር ሌላ ቁልፍ አለ፣ እሱን ነው የተጫንኩት። ሙከራ ሦስት፦ ሙሉውን ቀዳ፤ ድምፄ የለም። ለካ ማይኩን ለብቻው ካልከፈቱት አይቀዳም።

ለና. መደወል ግድ ሆነ። ሞት ይሻለኝ ነበር። አንዴም ሳይስቅብኝ አስረዳኝ፣ ይሄ ደግሞ ይበልጥ ያበሽቃል። የማዳመጫሽ ማይክ ደካማ ነው፣ የኮምፒውተሩን የራሱን ምረጪ፣ ድምፁንም እስከ መጨረሻ ክፈቺው አለ። አደረግሁ። ሞከርኩ። የራሴ ትንፋሽ ሳይቀር ይሰማል። የሚቀጥለው ሳምንት የመውጫ ፈተና አለው፣ ይህን እያደረገ መቼ እንደሚያጠና እሱ ያውቃል። አመሰገንኩት። በቁጥብነት።

መብራት ጠፋ። ቀሪው ነገ።

ረቡዕ፣ ጥር 20። ከምሽቱ 1፡10

ሦስት ለአንድ። የመቂ ልጅ ነበር። የሠፈሩን ሽንኩርት ሁሉ ልጦ ያለቀሰ ይመስላል፤ ድምፁን ባልሰማም ከአጨዋወቱ ያስታውቃል። አርባ አንድ ደቂቃ ያለ ማቋረጥ አወራሁ። ተከላካዮቹን አንድ በአንድ ሰደብኩ። ና. ድምፅ ፈለገ፣ ይኸው ድምፅ።

ማዳመጫዬን ሳወልቅ ቤቱ ሰው ሞልቶታል። ለካ የእማዬ የቤት ለቤት የጸሎት ኅብረት ተራ ዛሬ እኛ ጋ ነበር። ረስቼው። ሰባት ሴቶች፣ አንድ ጊታር ያልገባው ጊታር መቺ፣ አንድ ሣህን ቆሎ። በጨዋታው መሀል እማዬ በሩን ገፋ አድርጋ በዓይኗ ትመጫለሽ ወይ አለችኝ፤ በአገጬ ስክሪኑን አሳየኋት፤ ዘጋችው። ሴቶቹ በየሳምንቱ ያንኑ ያለቅሳሉ፣ ያንኑ ይዘምራሉ፣ ከዚያ ስለ ሰው ልጅ ሠርግ ያወራሉ። ሻይ ለመቅዳት ብቻ ወጣሁ።

እትዬ ጫልቱ ሲስሙኝ ከወትሮው አቆዩኝ። አካም ጅርታ ብለው ሳልመልስላቸው ሌላ ጉንጬን ሳሙ። ዓይናቸው አብጧል። መቼም ከጸሎት ሲወጡ ሁሉም እንደዚያ ናቸው።

ፋይሉ ቦታው አለ። ሙሉ ነው። ነገ አይቼ እልካለሁ።

ሐሙስ፣ ጥር 21። ከቀኑ 11፡00

ባላየው ይሻለኝ ነበር። አይ፣ አይሻልም። ሳላይ ልኬው ቢሆንስ?

ክፍሌን ከሳሎኑ የሚለየው ቺፑድ ነው። እስከ መጨረሻ የተከፈተ ማይክ ለቺፑድ ግድ የለውም። ከአሥራ ሁለተኛው ደቂቃ ጀምሮ ሳሎኑ ከእኔ እኩል ይሰማል። መዝሙር። ከዚያ እማዬ የጸሎት ርዕስ ያለው ይናገር ትላለች። ከዚያ እትዬ ጫልቱ። ጡታቸው ላይ እብጠት ተገኝቷል። ናሙና ተወስዷል። ሰኞ ለውጤቱ አዲስ አበባ ይሄዳሉ፤ ባላቸው የሚያውቁት ግን ዘመድ ጥየቃ እንደሚሄዱ ነው። ድምፃቸው ጥርት ብሎ ይሰማል፦ «ናቲዬ እንዳይሰማብኝ። ፈተናውን ይጨርስ፤ ከሰማ ወረቀቱን አይነካውም።» እማዬ ደግሞ እዚህ የተነገረ እዚሁ ይቀራል አለች። ሁሉም አሜን አሉ።

ይህ ሁሉ ሲባል እኔ ምን እያልኩ ነው? ጎል አግብቼ ለመቂው ልጅ እንዲህ ስል ይሰማል፦ «አልቅስ፣ አልቅስ፣ ይወጣልሃል።» ከሥሩ የእሳቸው ለቅሶ። ሦስት ጊዜ ሰማሁት። ድምፄን እጠላዋለሁ። እንዲህ ነው ለካ የማወራው።

ድምፁን ባጠፋ አይቆጠርም። ብቆርጥ ያውቃል፣ ያልተቆረጠ ነው ያለው። የእኔና የእሳቸው ድምፅ አንድ ላይ ነው የተቀዳው፣ አይለያይም፤ አንድ ሰዓት ሞከርኩ። ፋይሉን የሚያየው ደግሞ ሌላ ሰው አይደለም። ራሱ ና. ነው። ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ፣ በማዳመጫ፣ ደቂቃ እየመዘገበ ነው የሚያየው። እንዲያ ያለ ፍጡር ነው።

ዓርብ፣ ጥር 22። ከቀኑ 10፡30

ፋይሉ ተበላሸ ብዬ ጻፍኩለት። ተገላገልኩ ብዬ ነበር።

በአምስት ደቂቃ ደወለ። አትጨነቂ አለኝ። የተበላሸ ፋይል ይጠገናል፣ የጠፋም ይወጣል፣ ሶፍትዌሩ አለኝ፣ ነገ አምስት ሰዓት ላይ ሃርድ ዲስክ ይዤ እመጣለሁ። ጨዋታው ይደገም አልኩ። ግሩፑን ጠየቀልኝ። የመቂው አንዴ ተሸንፌያለሁ፣ አልደግምም፣ ምስክር የሌላት እሷ ናት አለ። የቢሾፍቱው አፉን ከፈተ። ሌሎቹ ተከተሉ። ሦስት መቶ ሰው አንድ ሐሳብ፣ እሱም የተበደሩት።

ና. ብቻ ተከራከረልኝ። በረጅም ጽሑፍ፣ በአንቀጽ አንቀጽ። እስካላየነው ድረስ ውሸታም ልንላት አንችልም አለ። ተወው አልኩት በውስጥ መስመር፤ ሊግ ነው፣ ምንም አይደል፣ አጥና። «እውነት ይዘሽ ለምን ትሸነፊያለሽ?» አለኝ። ይህ ልጅ ጨዋነቱ ያስጠላል። ጉቦ የሚበላ ዳኛ ቢሆን ምን ነበረበት።

ለእማዬ ልንገራት አልኩ። ከነገርኳት ለእትዬ ጫልቱ ትነግራለች፤ እሳቸውም ዳግመኛ እኛ ሳሎን አፋቸውን አይከፍቱም። ያለቻቸው ማልቀሻ ይህቺው ሳሎን ናት። ተውኩት።

ቅዳሜ፣ ጥር 23። ከጠዋቱ 4፡35

ፋይሉን ሰረዝኩ። ቅርጫቱንም ባዶ አደረግሁ። በቂ አይደለም፣ ይወጣል ብሏል። አትምጣ ብለው ደግሞ በሌላ ቀን ይመጣል። ስሜን ካላጠራ እንቅልፍ የለውም። እውነት አለ ብሎ እስካመነ ድረስ አይተወኝም።

ስለዚህ እንዳያምን ማድረግ ነው።

4፡50

ግሩፑ ላይ ጻፍኩ። «ሁሉንም ጨዋታ የተጫወተው ወንድሜ ዮናስ ነው። ፋይል የሚባል የለም። ይቅርታ።» አንድ ጊዜ አነበብኩት። ላክሁ።

5፡05

ዘነበ። ሳቅ፣ ሳቅ፣ ሳቅ። የቢሾፍቱው አላልኳችሁም ብሎ በትልቁ ጻፈ። ሰው ለመሆን የሚቀረው ብዙ ነው፤ ዛሬ ግን በዓሉ ነው። ከግሩፑ ተባረርኩ፣ በሌላ ስልክ ነው የማየው። ዮናስን የሚቀጥለው ዙር ላይ ግባ እያሉ ይለምኑታል። ክፍሌ መጥቶ ምን አድርጌ ነው የሚያደንቁኝ አለኝ፤ ፊቱ በርቷል። ጎበዝ ስለሆንክ ነው አልኩት። አመነ።

5፡15

በመስኮት አየሁት። በራችን ደርሶ ነበር፣ ቦርሳውን አንግቦ። እጁን ለማንኳኳት አንሥቶ ስልኩ ጮኸ መሰለኝ፣ አወጣው። ቆሞ አነበበ። ብዙ ቆየ። ቀና ብሎ መስኮቱን አየ፤ ከመጋረጃው ኋላ ሸሸሁ። ከዚያ ዞሮ ወደ ቤቱ ሄደ።

አሁን መልእክት ገባ። ከእሱ።

«እኔ እኮ አምኜሽ ነበር።»

አልመልስለትም። ቤቱ ገብቶ ያጥና።