ያጋደለው ማቀዝቀዣ

ይድረስ ለታላቅ ወንድሜ ለጅብሪል፤

ሰላምታዬ ከባሕሩ ነፋስ ቀድሞ ይድረስህ። ጤናህ እንዴት ነው? ያ ወገብህን የሚይዝህ ነገር ተሻለህ? ባለቤትህ ሳዲያስ እንዴት ናት? ልጆቹስ? እኛ በአካል ደህና ነን፣ አልሐምዱሊላህ። እናታችንም ዓይኗ ደከም ከማለቱ በቀር በርትታለች። ሌላው ወሬ ግን ደህና አይደለም። ይህን ደብዳቤ ሦስት ጊዜ ጀምሬ ቀድጄዋለሁ።

ክሊኒኩን አስረክበኸኝ ስትሄድ ስለ ላምባው ማቀዝቀዣ ያስተማርከኝን አልረሳሁም። ሞተር የለው፣ ድምፅ የለው፤ ከታች ኩራዙ ብቻ። እሳቱ አሞኒያውን ከውኃው አፍልቶ ይለየዋል። እንፋሎቱ ወደ ላይ ወጥቶ፣ ከኋላ ባለው ቧንቧ ሙቀቱን ለአየሩ ሰጥቶ ፈሳሽ ይሆናል። ወደ ውስጥ ወርዶ እንደገና ሲተን የሳጥኑን ሙቀት ይዞ ይሄዳል፤ ውኃውም መልሶ ይጠጣውና ወደ እሳቱ ይመለሳል። ይህንኑ ለሴቶቹ ሳስረዳ የግመል ነጋዴው ሚስት መስቱራ፣ "ኧረ ተወን ባቢከር! እሳት አንድዶ ብርድ የሚያወጣ ጠንቋይ እንጂ ሐኪም አይደለም" ብላ ሰዉን በሳቅ ገደለችው። ባለፈው ክረምት ማብቂያ ልጇን ዓዋዲያን ከሁሉ ቀድማ አምጥታ ያስከተበችውም እሷው ናት።

በዚያ ክረምት ዝናቡ በረታና የክሊኒኩ የጭቃ ወለል በማቀዝቀዣው በአንዱ እግር በኩል ሰረጎደ። ማቀዝቀዣው አጋደለ። ፈሳሹን የሚያንቀሳቅሰው የራሱ ክብደት ነውና ቁልቁለቱ ሲዛባ ቧንቧው ውስጥ ቆመ። እሳቱ ግን እንደ ወትሮው ሰማያዊ ሆኖ ይነዳል። እኔም በየጠዋቱ ጎንበስ ብዬ እሳቱን አይና፣ የሙቀት መለኪያውን ሳልመለከት መዝገቡ ላይ "አምስት ዲግሪ" ብዬ እጽፋለሁ። ክትባቱን ሳወጣ ጠርሙሱ ለብ ማለቱን እጄ አላወቀም ብልህ እዋሻለሁ። የወበቁ ነው ብዬ አለፍኩት።

በጥር ኩፍኝ ገባ። ሙቀት ባበላሸው ክትባት ከወጋኋቸው ልጆች አሥራ አንዱ ታመሙ፤ ሦስቱን ቀበርን። የመጨረሻዋ ዓዋዲያ ናት።

ከከተማ የመጣው ተቆጣጣሪ ማቀዝቀዣው ላይ ሳህን አስቀምጦ ውኃ ቢያፈስበት ውኃው ወደ አንድ ጎን ሄደ። ጆሮዬ ሥር ጠጋ ብሎ፣ "ዝናብ ያመጣው ነው፤ አፍህን ያዝ። ሰዉ ክትባት ይጠላብናል" አለኝ። አራት ቀን ያዝኩት። በአምስተኛው ቀን፣ ከቀትር በኋላ ያለው የዐስር ሶላት እንዳበቃ፣ መስቱራ ቤት ሄጄ እንደቆምኩ ነገርኳት። ማሽላ ትነፋ ነበር። ትጮኻለች ብዬ ስፈራ፣ ወንፊቱን እንደያዘች፣ "ባትወጋት ኖሮ በሽታው ሲገባ ወደ እናቴ አገር ይዣት እሸሽ ነበር። ተከትባለች ብዬ እኮ ነው የተቀመጥኩት" አለችኝና ወደ ማሽላዋ ተመለሰች። ወንድሜ፣ ብትሰድበኝ ይሻለኝ ነበር።

ከዚያ እግሩ ሥር ጠፍጣፋ ድንጋይ ከትቼ ማቀዝቀዣውን በውኃ ልክ አስተካከልኩት። በሁለተኛው ቀን በረደ፤ አዲስ ክትባትም መጣ። መስጊድ ተለፍፎ ከአርባ እናቶች ዘጠኝ መጡ። መስቱራ የመጨረሻዋ ነበረች፤ የአሥር ወር ልጇን ታቅፋለች። "ክፈተው" አለችኝ። እጇን አስገብታ ብዙ ቆየች። ከዚያ በተከናነበችው ቶብ ጫፍ ጠረገችውና የልጁን ክንድ ወደ እኔ አዞረች። እስከ ዛሬ ሰላምታዬን አትመልስም።

ወደቡ ላይ ሥራ አገኝልሃለሁ፣ ና ያልከኝን አሰብኩበት። አልመጣም። እኔ ብሄድ ክሊኒኩ ይዘጋል። ያስተማርከኝ አንተ ነህና ቆጣ በለኝ፤ ግን አታባብለኝ።

ለሳዲያ ከልብ ሰላም በልልኝ። ለትልቋ ልጅህ ለኢንሻራሕ፣ አያትሽ ደብተርሽን ለጎረቤት ሁሉ አሳየች በላት። እናታችን ጧትና ማታ ዱዓ ታደርግላችኋለች። ትንሹን ቡሻራን ጉንጩን ሳምልኝ። በክረምቱ መጨረሻ ለጥየቃ ስትመጡ እሱንም የወጋሁት እኔ ነኝ። ከዚያው ማቀዝቀዣ ነው። ደብዳቤዬ እንደ ደረሰህ፣ ሳትውል ሳታድር ሆስፒታል ወስደህ ክትባቱን አስደግመው።

ታናሽ ወንድምህ ባቢከር
ኡም ሐሻባ፣ ኮርዶፋን
የካቲት 5 ቀን