አማያ የተባለችው የልጄ ልጅ

ለውድ ልጄ ለራዚያ፣ ቢልባኦ

እንዴት ሰነበትሽ? አራስነቱስ? ባልሽስ ደህና ነው? እኛ እዚህ ዮቪል ሰፈር ደህና ነን፣ አልሐምዱሊላህ። ሱቁን በኮሮናው ሎክዳውን ዘግተናል፤ ቁልፉን ለወንድምሽ ለሱሩር ሰጥቼዋለሁ፣ ከእሱ ጋር ይሁን።

አማያ በባስክ ቋንቋ መጨረሻ ማለት ነው ስትዪኝ ተቆጣሁ። ለጨቅላ መጨረሻ ተብሎ ስም ይወጣል? «አባባ አይቆጡ፣ እዚህ አገር ወደው የሚያወጡት የሴት ስም ነው» ብትዪኝም ስልኩን ዘጋሁብሽ። በኋላ ሳስበው፣ እኛም አገር ልጅ እየሞተባት የተቸገረች እናት ልጇን «ይበቃል» ትለው የለ? ይሁን፣ ስሙ ይጽና።

አርብ ዕለት ለአራስ ልጅ እንደ ወጋችን በስልክ አዛን በጆሮዋ ሳሰማት መሃል ላይ የተቋረጠው ኔትወርኩ ነው። ሱሩር ሳሉ ነው ቢልሽ አትስሚው። ወንበር ላይ ቁጭ ብዬ የማድረውም ለወገቤ ስለሚመቸኝ ነው። ወጡ ጨው የለውም ስለው፣ አለው ብሎ ይሟገተኛል።

አዛኑ ግን ጎደሎ አይቅርባት። እዚያው ካሉት ሙስሊሞች አንድ ሽማግሌ ጥሪና ያሟላላት፤ እኔን አትጠብቂ። የኔን ስም ደግሞ አንቺው በጆሮዋ ንገሪያት።

አላህ ዕድሜዋን ያርዝመው፣ እናንተንም ይጠብቃችሁ።

አባትሽ ኸይሩ