ያልታጠበው መጠቅለያ

ከባሕሩ ማዶ ላለሽው ለውድ እናቴ ለኢልማራ፣

እንደምን ሰንብተሻል? ጤናሽስ እንዴት ነው? ብርድ ሲገባ የሚጠዘጥዝሽ ቀኝ ጉልበትሽ ተሻለው ወይስ ዛሬም አክስቴ ፔሪና በጨው ውሃ ታሽልሻለች? ኒሪያስ ዓሣ አልበላም ማለቷን ተወች? ፍየሎቹስ ወለዱ? እኔ ከናፍቆትሽ በቀር ደህና ነኝ፤ ፈጣሪ ይመስገን። ይህን ቆመሽ እያነበብሽ ከሆነ ግን እባክሽ ተቀመጪ። ተቀመጥሽ? እንግዲያው ስሚኝ፤ አባዬ ወጥቷል! በሕይወት፣ በጤና፣ ከነመዶሻው ወጥቷል። ይኸው አጠገቤ ተቀምጦ ሦስተኛ ሳህን የባቄላ ሾርባውን እየጠጣ ነው።

ከሥሩ ልንገርሽ። አባዬ የተሰነጠቀውን ደወል ሊጠግን የሰዓት ቤቱ ግንብ ላይ ወጥቶ፣ መዶሻውን እንዳነሳ ሰዓቱ ዙሪያውን እንደ መስተዋት ረግቶ ቆሞበት ከቀረ አሥራ አንድ ዓመት ሞላው። ያኔ አንቺ ኒሪያን አርግዘሽ ነበር፤ እኔ ደግሞ የዘጠኝ ዓመት ልጅ። ሦስት ዓመት ሙሉ ደረጃው ላይ ተቀምጠሽ፣ በመስተዋቱ እያየሽው፣ የኒሪያን መጠቅለያ በክር ስትሠሪ ኖርሽ። መጨረስ ተስፋ መቁረጥ ስለመሰለሽ መጠቅለያው ሠላሳ ክንድ ደረሰ። ጎረቤቱ «ልጅቷን ነው ግንቡን ልትጠቀልይ?» እያለ ሲቀልድብሽ ትዝ ይለኛል። በመጨረሻ የሰዓት ቤቱ መምህር ጎርዛክ ያሉሽንም አልረሳሁም። «ጊዜ ወንዝ ነው፤ ያንቺ መጠበቅ ግድብ ሆኖ ይዞታል። ከወደድሽው ሂጂለት» አሉሽ። አንቺም ባሌን ያሰርኩት እኔ ነኝ ብለሽ፣ ኒሪያን አዝለሽ፣ እያለቀስሽ ባሕር ተሻገርሽ። እኔ ከአባዬ አልለይም ብዬ የሰዓት ቤቱ ተማሪ ሆኜ ቀረሁ።

ምስጢሩን የገለጠችልኝ ዳክዬ ናት ብልሽ ትስቂያለሽ። እንደምታውቂው እዚህ ያለፈ ሰዓት ተጣብቆ እንዳይገባ ተብሎ ዕቃው ሁሉ በሰባት ውሃ ይታጠባል፤ እጣቢው የሚደፋውም ከጓሮው ኩሬ ነው። ባለፈው በጋ አጣቢዋ ማድራ ኩሬው ውስጥ ያለችውን አንካሳ ዳክዬ እያሳየችኝ፣ «ይቺ ጉደኛ አያቴ ስታጥብም እዚሁ ነበረች። እኛ ስንጨማደድ እሷ እቴ፣ ላባዋ እንኳ አልረገፈ!» አለችኝ።

ከዚያ ቀን ወዲህ ነገሩ ከሐሳቤ አልወጣ አለ። ዳክዬዋ ዕድሜ የምታገኘው ከእጣቢው ከሆነ፣ ከዕቃው ላይ የሚታጠብ ጊዜ አለ ማለት ነው። ሰው የኖረው ጊዜ ያልቃል፤ የጠበቀበት ጊዜ ግን ሳይነካ በእጁ ወዳለው ነገር ይሰርጋል፤ ዘይት እንጨት ውስጥ እንደሚሰርገው። የቆመ ሰዓትም ጊዜ ያለቀበት ሰዓት ነው፤ ማን ይሰጠዋል እንጂ ከሰጡትማ ይነሳል።

ይህን በሰዓት ቤቱ ሊቃውንት ጉባኤ ፊት ሳቀርብ መምህር ጎርዛክ ጢማቸውን እየደባበሱ፣ «ልጄ፣ ይሄማ እኔ ሳልወለድ ተሞክሯል። ባሏን ስትጠብቅ የኖረች የስንቷን ሴት በርጩማ ተሸክመው ግንቡ ላይ ወጡ፤ ጠብ ያለ ነገር የለም» አሉኝ። «አጥበውት ነው ሳያጥቡት?» ብዬ ጠየቅኋቸው። አጥበውት ነበራ! ያ ሁሉ ሊቅ፣ በሰባት ውሃ! ማድራ ከበሩ አጠገብ ሳቋን መግታት አቅቷት አፏን በሽርጧ ይዛ ወጣች።

በግቢው ሁሉ ያልታጠበ ዕቃ አንድ ብቻ ነበር። እማዬ፣ ስትሄጂ መጠቅለያውን «አጥበሽ ለሰው ስጪው» ብለሽኝ ነበር። እኔ ግን ጠረንሽ እንዳይለቀው ስምንት ዓመት ከፍራሼ ሥር ደብቄዋለሁ። ቢያገኙብኝ ኖሮ በዚያው ቀን እባረር ነበር።

የዛሬ አምስት ቀን ጠዋት አቅፌው ወጣሁ። አንዴ ከተተረተረ መመለሻ የለውም፤ ሐሳቤ ውሸት ከሆነ አባዬም መጠቅለያውም ቀሩ ማለት ነው። ክሩን በመስተዋቱ ስንጥቅ አሾልኬ መተርተር ጀመርኩ። አሥር ክንድ፣ ምንም። ሃያ ክንድ፣ ምንም። ተከትለውኝ የወጡት መምህር ጎርዛክ «ይብቃሽ፣ ልጄ» አሉኝ። አልሰማሁም። ሃያ ስምንተኛው ክንድ ላይ አባዬ ትከሻ ላይ አሥራ አንድ ዓመት ያረፈው ዝንብ ብር ብሎ ተነሳ። ተከትሎ መዶሻው ወረደ፤ ደወሉም ጮኸ!

አባዬ ዞር ብሎ አየኝና፣ «እመቤት፣ ባለቤቴ ደረጃው ላይ ነበረች፤ ምጥ መጣባት እንዴ?» አለኝ። ልሳቅ ወይስ ላልቅስ? «ልጅህ ቪርና ነኝ» ብለው፣ «ቪርና ጥርሷ ወልቆ እያለቀሰች ጠዋት ትቻት ነው የመጣሁት፤ አትቀልጂብኝ» ብሎ ተቆጣ። «ጥርሱን ኪስህ ከትተኸዋል፤ እየው» አልኩት። እጁን ሰደደ፤ አገኘው። ጥርሱን አየ፣ እኔን አየ፣ ከዚያ መዶሻውን ጥሎ አቀፈኝ። እንደዚያ ቀን ተደስቼ አላውቅም።

«ሽበቴን ሲያይ ምን ይላል» ብለሽ እንዳትጨነቂ። ድሮ በአራት ዓመት ይበልጥሽ የነበረው፣ አሁን አንቺ በሰባት እንደምትበልጪው ስነግረው፣ «ድሮስ ታዝዣት አልነበር? አሁን በታላቅነቷ ሆነ፤ ምን ተለወጠ!» ብሎ ሳቀ። መምህር ጎርዛክ ቆባቸውን አውልቀው፣ «እናትሽን በድያታለሁ፤ ይህን ጻፊላት» ብለውኛል። ይኸው ጻፍኩልሽ። አባዬን ያሰርሽው አንቺ አይደለሽም፤ የፈታሽው ግን አንቺ ነሽ።

የአክስቴ ፔሪናን ጉልበት ሳሚልኝ። አጎቴ ዶልቫንን መረቡን ያዘጋጅ በይው፤ አባዬ ዓሣ አምሮታል። ፍየሎቹንም ቢሆን ሰላም በያቸው። ለኒሪያ ደግሞ የቀረውን ሁለት ክንድ መጠቅለያ አባቷ በእጁ ይዞላት እንደሚመጣ ንገሪያት፤ እንዳታጥበው ብቻ።

ደብዳቤው በነገው ጀልባ ይቀድመናል፤ እኛ የአባዬ እግር እንደጠና በጨረቃ ሙላት በሚገባው መርከብ እንደርሳለን። ሰው ሁሉ አትጠብቂ ሲልሽ ኖሯል። ለዚህ ሥራዬ የሰዓት ቤቱ ማኅተም የተሰጠኝ እኔ ልጅሽ ግን እልሻለሁ፤ ወደቡ ላይ ውጪና፣ ሳታፍሪ፣ እንደልብሽ ጠብቂን።

ልጅሽ ቪርና

ታርሜል፣ ከደወሉ ግንብ ሥር
የጉም ወር በገባ በአራተኛው ቀን